ያልተገለበጠው ጢንዚዛ

ሰልፈኛ የጫነው የአትባራው ባቡር ከወንዙ ማዶ ካለችው ከባሕሪ ከተማ ተነሥቶ ድልድዩን ሲይዝ ስለሺ ገና እኩሌታው ላይ ነበር። ባቡር አይባልም፤ ሰው ነው። ጣሪያው ላይ ሰው፣ በሩ ላይ ሰው፣ መስኮቱ ላይ ሰው፣ የፊቱ ብረት ላይ ሳይቀር ባንዲራ የለበሰ ሰው ተንጠልጥሎበት በእግረኛ ፍጥነት ይጓዛል። እግረኛውም ከጎኑ እየዘፈነ እኩል ይሄዳል። ስልሳ ዘጠኝ ዓመት የሞላው ሰው እንዲህ ባለ ቀን ቤቱ መቀመጥ ነበረበት። ስለሺ ግን አንዲት አሮጌ የሱረት ቆርቆሮ ደረት ኪሱ ውስጥ ከትቶ፣ በአንድ እጁ ኪሱን ይዞ፣ በሌላው የድልድዩን ብረት እየተደገፈ ወደ ካርቱም ይሻገራል። ብረቱ በሚያዝያ ፀሐይ ግሎ መዳፍ ይልጣል።

ቀኑ የ2011 ዓመተ ምሕረት የሰሙነ ሕማማት ማክሰኞ ነው። ሱዳንን ሠላሳ ዓመት የገዛው ሰውዬ ከወረደ ገና ሁለት ሳምንት አልሞላውም፤ ሕዝቡ ግን ከጦሩ ዋና መሥሪያ ቤት ደጃፍ አልነሣም ብሎ ሰፍሯል። ሐፍላ የሚሉት የከተማ አውቶቡስ የለም፣ ቤንዚን የለም፤ ያለው እግር ብቻ ነው። ስለሺም በእግሩ ወጣ። ምክንያቱም ነገ ማለዳ የድሮ አለቃው ልጅ ትሁት ከሚና በሪ መናኸሪያ አውቶቡስ ተሳፍራ የማታውቀውን ሰው መቃብር ልታስቆፍር ነው። «የአባቴ ነው» ብላ የማታውቀውን ሰው አጽም ልታወጣ፣ በነጭ አቡጀዲ ልትጠቀልል፣ ከአባቷ አገር ቤተ ክርስቲያን ልታሳርፍ። ይህን ከስለሺ በቀር የሚያውቅ የለም፤ እሱም ያወቀው ዛሬ ጠዋት ነው።

ለምን አልደወለላትም የሚል አይጠፋም። ሁለት ጊዜ ደውሏል። ሁለቱንም ጊዜ ድምፅዋን ሲሰማ «እንዴት ዋልሽ» ብሎ ዘጋው። መርዶ በስልክ አይነገርም፤ ሽማግሌ ተሰብስቦ፣ በማለዳ፣ ደጅ ተንኳኩቶ ነው የሚነገረው። እሱ ደግሞ ሊነግር ሳይሆን አርባ ዓመት የኖረ መርዶ ሊመልስ ነው የሚሄደው። መርዶ ሲመለስ አይቶ የሚያውቅ ሰው የለም፤ ደንቡን ማንን ይጠይቅ?

ነገሩ እንዲህ ነው። ስለሺ በወጣትነቱ አገር ቤት የደን ተባይ አጥኚ ነበር። አስተማሪውና አለቃው ደግሞ የትሁት አባት ሀብተሚካኤል። ሀብተሚካኤል ረዥም፣ ጉንጩ የገባ፣ ቀልዱ የሚቆጠቁጥ ሰው ነበር፤ ሕይወቱን ሙሉ ያጠናውም እንጨት የሚበሱ፣ ጀርባቸው እንደ ተወለወለ መዳብ የሚያበራ ጢንዚዛዎችን ነው። ትሉ ከቅርፊቱ ሥር ዓመት ሁለት ዓመት እየበላ ይኖራል፤ ሲያድግ ግማሽ ጨረቃ የመሰለ ቀዳዳ በስቶ ቀትር ፀሐይ ላይ ይወጣል። አንዱን ዓይነት ከአንዱ መለየት ነው ጣጣው። ጀርባቸው አረንጓዴ፣ ወርቅማ፣ ሰማያዊ እየመሰለ ዓይን ያታልላል። ሀብተሚካኤል ተማሪዎቹን ሁሉ አንድ ነገር ያስምላቸው ነበር፦ «ቀለም ለገበያ ነው፤ ገልብጣችሁ ደረቱን እዩ።» ከፊት እግሮቹ መሃል ወደ ኋላ የሚዘልቅ ምላስ መሰል ነገር አለ፤ ሀቁ ያለው እዚያ ነው። ስለሺን ደግሞ ለይቶ ይነካካው ነበር፤ በተማሪ ፊት «ስለሺ ሙሽራ ቢመርጥ በቀሚሷ ነው» ይለዋል። ሰው ይስቃል። ስለሺም ይስቃል፤ ሌሊት ግን እንቅልፍ አይወስደውም።

ያ ክፉ ዘመን መጥቶ ሰው እንደ ቅጠል ሲረግፍ ስለሺ ቀድሞ ወጣ። የሀብተሚካኤልን ሚስት ወርቅውሃንና ገና ያልተራመደችውን ልጁን ትሁትን ይዞ ገዳሪፍ ገባ። ሀብተሚካኤል ይከተላል ተባለ። በየኬላው ወረቀት የተገኘበት ስለሚረሸን ወረቀት አይጻፍም ተባብለው ሁለቱ በጢንዚዛ ተማማሉ። ደህና ከሆነ ራሱ ይመጣል። ጢንዚዛ ከመጣ ግን «እግሬ አልሄደም፣ ሰው ላክልኝ» ማለት ነው። የዕጣን ዛፍ የሚበላው ከመጣ በመተማ በኩል ነው ያለሁት፤ ሱዳኖች ጠርፋ የሚሉትን የወንዝ ዳር ቁጥቋጦ የሚበላው ከመጣ በተከዜ በኩል ነኝ። ፈታሽ የሞተ ጢንዚዛ ቢያገኝ ምን ይላል? ሁለቱ ጢንዚዛዎች በጀርባቸው መንትያ ናቸው፤ ደረታቸው ግን ይለያል፤ የጠርፋው ልሙጥ ነው፣ የዕጣኑ መሃሉ ላይ ቦይ አለው። ሀብተሚካኤል ይህን ምልክት የመረጠው ስለሺን ስላመነ ነው። የሚያስለቅሰውም ይኸው ነው።

ቆርቆሮዋ በ1971 ዓ.ም. ኅዳር ወር ገዳሪፍ ደረሰች። የሰሊጥ ለቃሚ ከለቃሚ እየተቀባበለ ያመጣት፣ ጥጥ ውስጥ የተኛ አንድ ጢንዚዛ ብቻ። ይማም የሚባለው መንገድ መሪ በነጋዴ ሎሪ ሊሄድ ሞተሩ ተነሥቶ ይጠብቃል፤ ወርቅውሃ ልጇን አቅፋ ቆማ የስለሺን አፍ ታያለች፤ ጠረጴዛው ላይ ማጉያ መነጽር አለ። ስለሺ ቆርቆሮዋን ከፈተ፣ አየ፣ «የጠርፋው ነው፤ ተከዜ» አለ። በአንድ እይታ! ቀለሙ ከጠርዙ ወደ ቀይ መዳብ ይሄድ ነበር፤ የጠርፋው እንደዚያ ነው። ያን ጊዜ በልቡ ያለውን እኔ ልንገራችሁ፦ «ሀብቴ ሲመጣ ሳልገለብጥ ለየሁት እለዋለሁ» ነበር ያለው።

ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል። ይማም በአሥራ አምስተኛው ቀን ባዶ እጁን ተመለሰ። ተከዜ ዳር ገበሬዎች አንድ ረዥም፣ የተማረ የሚመስል እንግዳ በወባ ሞቶ ቀበርን ብለውታል፤ ከትልቅ ሾላ ሥር፣ ሦስት ድንጋይ አድርገውበታል። በዚያ ዓመት በዚያ መንገድ ስንት ረዥም፣ የተማረ የሚመስል እንግዳ እንደ ወደቀ እግዚአብሔር ይቁጠረው። ስለሺ ግን ሽማግሌ ሰብስቦ የወርቅውሃን ደጅ አንኳኳ።

ይህ ሁሉ ስሕተት ነው፤ ስሕተት ደግሞ ከሰው አይታጣም። አርባ ዓመት ያላስተኛው ሌላ ነው። ከመርዶው ማግሥት ቆርቆሮዋን መልሶ ሲከፍታት ቀለሙ በቀን ብርሃን ትንሽ ሌላ መሰለው። ትንሽ። ገልብጦ ማየት የአንድ ትንፋሽ ሥራ ነበር። አልገለበጠም። ካርድ ቆረጠ፣ ሙጫ ቀባ፣ ጢንዚዛውን በሆዱ አስተኝቶ አጣበቀው፤ ከሥሩም «የጠርፋ፤ ተከዜ፤ ለዪ ስለሺ፤ ኅዳር 1971» ብሎ ጻፈ። ደረቱ ካርዱ ላይ ተደፍቶ አርባ ዓመት ኖረ።

ትላንት ትሁት ደውላ «ጋሼ፣ ያቺን ጢንዚዛ ስጠኝ፤ ከአባዬ ጋር ልቅበራት» ባለችው ጊዜ እሺ አለ። ዛሬ ማለዳ ሙጫውን ሊያላቅቅ ካርዱን ለብ ያለ ውሃ ውስጥ ነከረው። ለቀቀ። ጢንዚዛው ተንሳፈፈና በራሱ ጊዜ ተገለበጠ። ማጉያ አላስፈለገውም። ቦዩ ከፊት እግሮቹ መሃል ቁልጭ ብሎ ይታይ ነበር።

ከድልድዩ ማዶ የሰፈሩት ሰዎች በየመግቢያው ኬላ አቁመዋል። ወንዱን ወንድ፣ ሴቷን ሴት ትፈትሻለች፤ እየፈተሹም «የደክ ፎግ፣ አት-ተፍቲሽ ቢዞግ» እያሉ ያዜማሉ፤ እጅህን አንሣ፣ ፍተሻው በአክብሮት ነው ማለት ነው። አንድ ፂሙን ያሳደገ ጎልማሳ የስለሺን ኪስ ዳሰሰና ቆርቆሮዋን አወጣ። ከፈታት።

«ዳ ሹኑ ያ ሓጅ?» ምንድን ነው ይሄ?

«ጢንዚዛ ነው» አለ ስለሺ በዐረብኛ።

«እሱንማ አያለሁ። ለምን ይዘኸው ትዞራለህ?»

«መልእክት ነው። ለማድረስ ዘገየሁ።»

«ስንት ቀን?»

«አርባ ዓመት።»

ሰውየው ሊስቅ ከጀለውና የስለሺን ፊት ሲያይ ተወው። ቆርቆሮዋን ቀስ ብሎ ከድኖ ኪሱ መለሰለት። «ምዕሌሽ፣ ግድ የለም» አለ፤ «እኛም ሠላሳ ዓመት ዘግይተን ነው የመጣን። ያላ፣ እለፍ።» የውሃ ከረጢትም ዘረጋለት። ስለሺ ሕማማት ነውና እስኪመሽ አይጠጣም፤ «ሳይም ነኝ» አለው፤ ጾመኛ ነኝ ማለቱ ነው። ሰውየው «ረመዳን ሳይገባ?» ብሎ ተገርሞ ቀረ።

ከዚያ ወዲያ ያለውን መንገድ ግማሹን በእግሩ፣ ግማሹን ቤንዚን ባልጨረሰ ረክሻ፣ በባጃጅ ማለት ነው፣ ተጉዞ አል-ሳሃፋ ሰፈር ሲደርስ ፀሐይዋ ማዘቅዘቅ ጀምራለች። ትሁት ቤቷ ከመድኃኒት መሸጫዋ ጀርባ ነው። አርባ አንድ ዓመቷ ነው፤ ቁመቷና የገባው ጉንጯ የአባቷ፣ አማርኛዋ የካርቱም። ከግቢው መሃል ሁለት በርጩማ ላይ የተቀመጠው ለአጽሙ የተሠራ የእንጨት ሣጥን ነው ስለሺን ቀድሞ የተቀበለው። ባሕሪ ውስጥ ያሠራው ስለሺ ራሱ ነው። የባሕሪ አናጢዎች «አቡ ሱስ» ይሉታል፣ የነቀዝ አባት ማለታቸው ነው፤ አልጋ ሊሸጡ ሲሉ ቀዳዳውን እያየ ክብ ነው፣ ግማሽ ጨረቃ ነው፣ ትሉ ወጥቷል አልወጣም ይላቸዋል። የዚህን ሣጥን ሣንቃ አንድ በአንድ አስገልብጦ፣ ፊትና ጀርባውን በማጉያ አይቶ፣ ሁለቱን ጥሎ ነው ያስመታው።

ሕማማት ነውና አልተሳሳሙም። ትሁት ወንበር አቀረበችለት።

«ወላሂ ጋሼ፣ በዚህ ዘሕማ፣ በዚህ ግርግር በእግር? እኔ መጥቼ እወስዳት አልነበር? ፊትህ ምን ሆነ፣ ታመምክ?»

«አልታመምኩም። ትሁት፣ ተቀመጪ።»

«ሸንጣዬን ልዝጋና...»

«ተቀመጪ ልጄ።»

ተቀመጠች። ስለሺ በመንገድ ሁሉ ያዘጋጀው ቃል ነበር፤ አንዱም አልተገኘም። ቆርቆሮዋን ከፍቶ ጢንዚዛውን በጀርባው አንጋልሎ መዳፏ ላይ አኖረ፤ ማጉያውን ሰጣት።

«ከፊት እግሮቹ መሃል እዪ። ምን ይታይሻል?»

«መስመር አለ። ያኒ፣ እንደ ቦይ።»

«የጠርፋው ቦይ የለውም። ይሄ የዕጣኑ ነው። አባትሽ መተማ ነበር።»

ትሁት ማጉያውን ከዓይኗ አላነሣችም። የምልክቱን ነገር ታውቃለች፤ እናቷ እንደ ተረት ስትነግራት ነው ያደገችው፤ አባትሽ ጢንዚዛ ላከልን፣ ጋሼ ስለሺ በአንድ እይታ ለየው እያለች።

«ተከዜ ያለውስ?» አለች።

«አላውቅም። የሰው ልጅ ነው። የማን እንደ ሆነ አላውቅም።»

«እናቴ ለማን ነው ያለቀሰችው? በየኅዳሩ ተዝካር ያወጣችው፣ ስትሞት ‘አጽሙን ከተከዜ አንሥተሽ ላገሩ አብቂልኝ’ ያለችኝ፣ ለማን ነው?»

«ለአባትሽ ነው ያለቀሰችው። ቦታውን ነው ያሳሳትኳት።»

«ያን ጊዜ ገልብጠኸው ቢሆን ታውቅ ነበር?»

«አውቅ ነበር።»

«ማጉያ አልነበረህም?»

«እዚያው ጠረጴዛው ላይ ነበር።» ይህን ብሎ ዝም ማለት ይችል ነበር። ያለፉትን አርባ ዓመታት ዝም ብሏል። «ትሁት፣ ከዚያም በኋላ ጠርጥሬ ነበር። ከመርዶው ማግሥት። ካፈርኩ አይመልሰኝ ብዬ አጣበቅሁት። ሳልገለብጠው አጣበቅሁት። ፈርቼ ነው።»

ትሁት ማጉያውን አውርዳ አየችው። ልታለቅስ ነው ብሎ ነበር፤ አላለቀሰችም። እሷ ሒሳብ ላይ ነበረች።

«ይማም ከገዳሪፍ መተማ ቢላክ በስንት ቀን ይደርስ ነበር?»

«በሦስት።»

«ተከዜስ?»

«በስድስት፣ በሰባት።»

«ቅርቡ የአባቴ ነበር» አለች። ቀስ ብላ ነው ያለችው። «ስንት ቀን የጠበቀህ ይመስልሃል?»

ስለሺ ይህን ጥያቄ ዛሬ ድልድዩ ላይ፣ ኬላው ላይ፣ ረክሻው ውስጥ ራሱን ሲጠይቅ ነው የዋለው። ሀብተሚካኤል ጢንዚዛዋን የላከበትን ሰው ጀርባ እስኪጠፋ ሲያይ ታየው። ከዚያ በየቀኑ መንገዱን ሲያይ። ስለሺ ገልብጦ አይቷታል፣ እየመጡ ነው ብሎ ሲያስብ። እንባው ወረደ፤ አልጠረገውም።

«ዕጣን በረሃው ሰፊ ነው» አለ። «አይገኝም። ይህን ያህል ዘመን ቆይቶ የሚያውቀው ሰው አይኖርም። ልዋሽሽ አልፈልግም።»

ትሁት ተነሥታ ወደ ሣጥኑ ሄደች፤ ክዳኑን ከፍታ ውስጡን አየች፤ ባዶውን። መልሳ ከደነችው። ስለሺም በዚህ መሃል የድሮዋን ካርድ ከደብተሩ መሃል አወጣ፤ ውሃው ቀለሙን አደብዝዞታል፣ ግን ይነበባል። የጠርፋ፤ ተከዜ፤ ለዪ ስለሺ። በሁለት ጣቶቹ ይዞ ሊቀድዳት ሲል እጁን ያዘችው።

«ልጅ ሆኜ የጢንዚዛ መጋዘንህ ስትወስደኝ ምን ነበር ያልከኝ? የተሳሳተ ካርድ...»

«አይቀደድም» አለ ስለሺ። «አዲሱ ከሥሩ ይጨመራል።»

«ኻላስ፣ በቃ። ጻፍ።»

ብዕር ሰጠችው። ከመድኃኒት መሸጫው የምትጽፍበትን የካርቶን ቁራጭ ቆርጣ ሰጠችው። «የዕጣን፤ መተማ፤ ሰብሳቢ ሀብተሚካኤል፤ ለዪ ስለሺ፤ ሚያዝያ 2011» ብሎ ጻፈ። ሁለቱን ካርዶች አስተያየቻቸው፤ አንድ ስም፣ አንድ የእጅ ጽሕፈት፣ መሃላቸው የእሷ ዕድሜ ሙሉ። ሁለቱንም ከጥጡ ሥር አኖረቻቸው።

«የተከዜውን አላስነካውም» አለች። «እሱንም የሚፈልገው ሰው ይኖረዋል። ባይኖረውም እኛ አልቅሰንለታል፣ በሰላም ይረፍ።» ከሸንጣዋ ኪስ ሁለት ትኬት አወጣች። «ገዳሪፍ ድረስ መንገዱ አንድ ነው። ከዚያ መተማ እወርዳለሁ። አጽም ባይገኝ አፈር አይጠፋም፤ ከዕጣኑ ዛፍ ሥር አፈር ይዤ ላገሩ ቤተ ክርስቲያን አደርሳለሁ፤ ለአባቴ ፍትሐት የሚደረገው ከፋሲካ በኋላ ነው።»

«እግዚአብሔር ይከተልሽ» አለ ስለሺ። ሊነሣ ወንበሩን ተደገፈ።

«ቁጭ በል። የአውቶቡሱ ሁለተኛ ወንበር ለሣጥኑ ነበር፤ ከላይ አላስጭነውም፣ ከጎኔ ይሁን ብዬ ነው የቆረጥኩት።» ትኬቱን ከፊቱ አስቀመጠች። «ሣጥኑ አሁን ባዶ እንጨት ነው፤ ከላይ ይጫናል። አንተ ትቀመጥበታለህ።»

ስለሺ ትኬቱን አየ። ገዳሪፍን ከለቀቀ ወዲህ ያን አቅጣጫ ዞሮ አይቶ አያውቅም። መተማ ቢደርስ ምን ያደርጋል? የትኛው ዛፍ ሥር ቆሞ ምን ይላል? የኢቃማው፣ የመኖሪያ ፈቃዱ ወረቀት ታየው፣ ሙቀቱ ታየው፣ ጉልበቱ ታየው።

«ትሁት፣ እኔ አርጅቻለሁ። እግሬ አይሄድም።»

«የእሱም እግር አልሄደም» አለች። «ይማምን ነው የላክህለት። አሁን አንተ ሂድለት።»

ስለሺ ቆርቆሮዋን ወደ ራሱ ሳበና ጢንዚዛውን ደረቱን ወደ ላይ አድርጎ ጥጡ ላይ አስተካከለው። ከዚያ ትኬቱን አንሥቶ ደረት ኪሱ ከተተው።